ያልተቆጠሩ አምስት ቀናት

መስከረም ስምንት ቀን፣ ዓርብ፣ ከንጋቱ አሥራ ሁለት ሰዓት ተኩል ላይ፣ ሌሊቱን የጣለው ዝናብ አባርቶ ግራና በሚባለው ሜዳ ላይ ጉም ተኝቶ ነበር።

ባጃጁ በአንድ መብራት ጉሙን እየገፋ ወደ መርሳ ገሰገሰ። መንገዱ ውሃ ባቆሩ ጉድጓዶች ተሞልቷል። ሾፌሩ ሙስዐብ ጥልቀታቸውን ከልምድ ያውቃል፤ አንዱን ይዞራል፣ ሌላውን ሰንጥቆ ያልፋል። ከኋላው ሁለት ሰዎች ተቀምጠዋል።

ከድጃ የአምሳ አራት ዓመት ሴት ናት፤ የሙስዐብ አክስት። በጉልበቷ ላይ በላስቲክ የተጠቀለለ ክላሰር አስቀምጣ በሁለት እጇ ጨብጣዋለች። የቀኝ እጇ አውራ ጣት እስከ መገጣጠሚያው ድረስ ሐምራዊ ነው። ትናንት መርሳ ላይ፣ አንድ ቢሮ ውስጥ፣ በሦስት ወረቀቶች ላይ አሳርፋው ነበር፤ ቀለሙ በሳሙናም በአሸዋም አልለቀቀም።

አጠገቧ ይስማው አለ። ስድሳ ስምንት ዓመቱ ነው። የሰርግና የለቅሶ ኮቱን ለብሷል፤ በላዩ ጋቢ ደርቧል፤ ከዘራውን በእግሮቹ መካከል አቁሟል። በመንደራቸው በዋንዛ በር ሹመቱ የውሃ አባትነት ነው። የውሃ አባት ወንዙ ወደ ቦዩ የሚገባበትን አፍ ይከፍታል፣ ይዘጋል፤ ለእያንዳንዱ ማሳ የውሃ ቀኑን ይሰጣል። ገበሬው ይመርጠዋል፤ የወረዳው መዝገብ ግን አያውቀውም። ይስማው ይህን ሹመት ሃያ ሁለት ዓመት ይዞታል። በውሃ የተጣሉ ወንድማማቾች ነበሩ፤ በውሃ የተፈነካከቱ ጎረቤቶች ነበሩ፤ ይስማው ቀን ሳተብኝ ያለ ሰው ግን አልነበረም።

«አያ ይስማው፣ ከዘራዎን አጥብቀው ይያዙት» አለ ሙስዐብ። «ባጃጅ እንደ ውሃ ዝም ብሎ አይወርድም።»

«በቦይ ብትነዳው ይሻል ነበር። የእኔ ቦይ ጉድጓድ የለውም።»

«አክስቴ፣ አንቺ ደግሞ ዳኛ ፊት ስትቆሚ እንዳታለቅሺ።»

«ለማልቀስ መቼ ሄድኩ? ለመክሰስ ነው።»

«መክሰስ አይባልም። ይግባኝ ነው የሚባለው።»

«ስሙን እነሱ ይወቁት» አለች ከድጃ።

ነገሩ የተጀመረው በጥር ነበር። ለመጋዘንና ለመኪና ማቆሚያ ተብሎ ከዋንዛ በር ስምንት ማሳ ተፈለገ፤ የከድጃ ማሳ ከመካከሉ ተገኘ። ለሚነሱት ሰዎች ምትክ መሬት እንደሚሰጥ፣ ምትኩም እንደ ቀድሞ ማሳቸው ዓይነት እንደሚሆን ተነገረ። ለኪዎቹ የመጡት በግንቦት፣ በሌላ ሰው የውሃ ቀን ነበር። የከድጃን መስኖ ደርቆ አገኙት። በቅጹ ላይ «በዝናብ የሚለማ» ብለው ጻፉ። ስለዚህ ምትኳ ከመንደሩ በላይ ያለ፣ ውሃ ሊወጣበት የማይችል ድንጋያማ ተዳፋት ሆነ።

ከድጃ ሌላ ነገር አልጠየቀችም። መሬቴ ውሃ ጠጪ ነው፣ ምትኩም ውሃ ጠጪ ይሁን አለች። ይህንኑ ለአቤቱታ ሰሚው አካል አቀረበች፤ አልተቀበላትም። ለይግባኝ ሰሚው ጉባኤ አቀረበች፤ አምስት ሰዎች ተቀምጠው ቅጹን አነበቡ፣ ቅጹንም አጸኑ። ውሳኔው በጽሑፍ የደረሳት ነሐሴ አሥራ አንድ ቀን፣ ሰኞ ነበር። ከዚያ በላይ የቀረው ወልድያ ያለው ከፍተኛው ፍርድ ቤት ብቻ ነበር።

እዚያ ለመድረስ ሁለት ነገር ይጠየቅ ነበር። አንደኛው ሠላሳ ቀን ነው፤ ካለፈ ይግባኝ የለም። ሁለተኛው ማስረከብ ነው። በማሳዬ ላይ የተሰጠው ውሳኔ ልክ አይደለም የሚል ሰው ወደ ፍርድ ቤት የሚሄደው መጀመሪያ ማሳውን አስረክቦ፣ ማስረከቡን የሚያስረዳ ወረቀትም ይዞ ነበር። ከድጃ አንደኛውን፣ የቀኑን ነገር፣ ለይስማው ተወችለት። ሁለተኛውን ግን እስከ ትናንት እምቢ አለች። «ጎተራዬን አስረክቤ ነው ወይ እህሌን መልሱልኝ የምለው?» ትል ነበር። ትናንት፣ ማሽላው ፍሬ ሳይቋጥር፣ መርሳ ሄዳ ጣቷን ቀለም ውስጥ ነከረች። የተረከባት ሰው ወረቀቱን ሲያቀብላት ሳያያት ተናገረ። ሰኞ ማሽን ይገባል፣ ከብት እንዳታሰማሩ አለ።

«ሦስት ቀን ቀድመናል» አለ ይስማው ባጃጁ መርሳ ሲገባ። «የሚያጣድፈን የለም።»

«አልሐምዱሊላህ» አለች ከድጃ።

*

በዚያ ዓመት ከወረርሽኙ የተነሳ ሰው ሁሉ ፊቱን እስከ ግማሽ ሸፍኖ ይሄድ ነበር። ከመርሳ በተሳፈሩበት አባዱላ ውስጥ ረዳቱ ጭንብል ያልያዘ አይግባ እያለ በር ላይ ቆመ። ይስማው የጋቢውን ጫፍ ወደ አፍንጫው አነሳ። ረዳቱ አየውና አለፈው።

ሲሪንቃ ሲደርሱ ጉሙ ተገፍፎ ነበር። በምርምር ማዕከሉ አጥር ውስጥ የሙከራ ማሽላ በረድፍ ቆሟል፤ በየረድፉ ራስ ላይ ቁጥር የተጻፈበት ቢጫ ካርድ ተሰክቷል። ከድጃ በመስኮቱ አየችው።

«ይኼኛው ማሽላ እንኳ ማን እንደሆነ ተጽፎለታል» አለች።

«የዘራው መንግሥት ነዋ።»

«እኔስ ግብር የከፈልኩት ለማን ነው?»

መኪናው መቻሬን አልፎ ወልድያ ሲገባ ሦስት ሰዓት ነበር።

በፍርድ ቤቱ በር ላይ ቧንቧ የተገጠመለት ጀሪካን በድንጋይ ላይ ተቀምጧል። ዘበኛው እጃቸውን አስታጠባቸው። የከድጃ አውራ ጣት ከውሃው እንደገባ ሐምራዊ ሆኖ ወጣ። በግድግዳው ላይ ወረቀት ተለጥፎ ነበር፤ ፍርድ ቤቱ በክረምት ዕረፍት ላይ እንደሆነ፣ መዝገብ ቤቱ ግን እንደማይዘጋ፣ ተረኛ ችሎትም ማክሰኞና ዓርብ ጠዋት እንደሚቀመጥ ይገልጻል። ከድጃ እንዲያነብላት ይስማውን ጠየቀችው። እሱም ጣቱን በፊደሎቹ ሥር እያስኬደ፣ ሳይቸኩል አነበበላት።

የመዝገብ ቤቱ ሠራተኛ መቅደላ ትባላለች። ሠላሳ ዓመት አልሞላትም፤ ከፊቷ በጣውላ የተወጠረ ላስቲክ አለ፤ ድምጿ ከላስቲኩ ሥር ባለው ክፍተት ይወጣል። የከድጃን ወረቀቶች አንድ በአንድ አወጣች። ጥያቄዋ አጭር ነበር፤ መልሱን እጇ ላይ ስታገኘው «አለ» ትላለች።

«የጉባኤው ውሳኔ፣ ማኅተም ያለበት ግልባጭ። አለ። የይግባኝ ማመልከቻ፣ በሦስት ቅጂ። አለ። የርክክብ ሰነድ...» ወረቀቱን ወደ ብርሃኑ አነሳችው። «ትናንት ነው የተረከቡት?»

«እኔ አይደለሁም የተረከብኩት። እነሱ ናቸው።»

መቅደላ ከጭንብሏ በላይ ዓይኖቿ ለሰለሱ። «ልክ ነዎት፣ እትዬ። ይኸም አለ። ብዙ ሰው የሚመለሰው በእሱ ነው። ውሳኔው መቼ ደረሰዎት?»

«ነሐሴ አሥራ አንድ። ሰኞ።»

መቅደላ ከግድግዳው የቀን መቁጠሪያውን አወረደች። የዘንድሮው ነበር፤ ከመሳቢያዋ ደግሞ የአምናውን አወጣች። ሁለቱን አጠገብ ላጠገብ አኑራ በእስክሪብቶ ጫፍ፣ ሳትነካው፣ ቆጠረች። ጨረሰችና እንደገና ከመጀመሪያው ጀመረች። ይስማው እጇን ሲከታተል ነበር። ከነሐሴ መጨረሻ ወደ መስከረም መጀመሪያ ስትሻገር እስክሪብቶው በአምስት ትንንሽ ሳጥኖች ላይ ሲቆም አየ።

«ከትናንት በስቲያ አልቋል» አለች።

«አሥራ አንድ ላይ ነው የሚያልቀው» አለች ከድጃ። «ሰኞ ነው። አያ ይስማው ቆጥረውታል።»

«መስከረም ስድስት ነው፣ እትዬ። ረቡዕ።»

«ከአሥራ አንድ እስከ አሥራ አንድ ወር አይደለም እንዴ?»

«ጳጉሜስ?»

ከውጭ ባጃጅ ጥሩምባ ነፋ።

«ጳጉሜ ይቆጠራል?» አለ ይስማው።

«እኔም ደሞዜን ስቀበል አይቆጠርልኝም፣ አባባ። እዚህ ግን ይቆጠራል።»

ይስማው እጁን በጣውላው ላይ አሳረፈ። ሃያ ሁለት ዓመት። በጨለማ ተነስቶ፣ በጎርፍ ወርዶ፣ ልጁን በቀበረ በማግሥቱ እንኳ የሌላ ሰው ቀን ሳያልፍ የቦዩን አፍ ከፍቶ ነበር። ከድጃ ወደ እሱ አልዞረችም። እንዳትዞር አንገቷን አደንድና እንደያዘች አየ፤ ብትቆጣው ይሻለው ነበር።

«ያስረከብኩትን ይመልሱልኛላ?» አለች ከድጃ ለመቅደላ።

መቅደላ የርክክብ ሰነዱን ወደ ክላሰሩ መለሰች። «እሱ አይመለስም።»

«መሬቱም የለኝ፣ ክሱም የለኝ ማለት ነው?»

«ቆዩ። አትሂዱ» አለች መቅደላ። ከወንበሯ ተነስታ በላስቲኩ ክፍተት ጎንበስ አለች። «አንድ መንገድ አለ። ማስፈቀጃ ይባላል። ጊዜዬ አልፏል፣ ያለፈብኝ ግን በበቂ ምክንያት ነው፣ ይግባኜን እንዳቀርብ ይፈቀድልኝ የሚል። በቃለ መሐላ ነው የሚቀርበው። ምክንያቱ በቂ ነው አይደለም የሚለውን ዳኛዋ ነች የምትወስነው። ዛሬ ተረኛ ችሎት አለ። አምስት ሰዓት ተኩል ላይ ለጁምዓ ይነሳል። ካመለጣችሁ ማክሰኞ ነው።»

ከድጃና ይስማው ተያዩ። ሰኞ ማሽኑ ይገባል። ማክሰኞ ቦዩ በነበረበት ላይ ምን እንደሚኖር ሁለቱም ያውቁ ነበር፤ ያ ማሳ ውሃ ይጠጣ እንደነበር ከቦዩ በቀር የሚመሰክር ምልክት አልነበረም።

«ሰዓቱ ስንት ነው?» አለ ይስማው።

«አራት ሊሆን ነው። በሩ ላይ ጋሽ ተፈራን ጥሩት። መቅደላ ልካን ነው በሉት።»

*

በሩ ላይ ለባለጉዳይ ማመልከቻ የሚጽፈው ራፖር ጸሐፊ ተፈራ የውርጌሳ ሰው ነበር። በወጣትነቱ በጦር ሠራዊት ውስጥ የሻለቃ ጽሕፈት ቤት ጸሐፊ ሆኖ ያገለገለ፣ ሠራዊቱ ሲበተን የጽሕፈት መኪናውን ይዞ የተረፈ፣ አሁንም በዚያው መኪና የሚተዳደር ሰው ነው። የተቀደደ ጥቁር ጃንጥላ ከበላዩ ተተክሏል። አንድ ዓይኑ ሞራ አለበት፤ በሌላው ፊደሎቹን ሳያይ ይመታል።

ታሪኩን ከከድጃ ሰማ። ሲሰማ ወረቀቱን አስገባ፣ ካርቦኑን አስተካከለ።

«የሕግ አለማወቅ ምክንያት አይሆንም» አለ። «ቀን መርሳት ምክንያት አይሆንም። ጠበቃ ማጣት፣ እሱም አይሆንም። መታመም ይሆናል። መታሰር ይሆናል። ጎርፍ መንገድ ቢቆርጥ ይሆናል። ጎርፍ ቆርጦብሻል?»

«የለም።»

«ታስረሻል?»

«አዑዙ ቢላህ።»

«እንግዲያ ታመሻል» አለ ተፈራ። «ዘንድሮ ደግሞ በሽታ ፍለጋ ሩቅ አይኬድም። ሳል፣ ትኩሳት፣ ከሰው ተለይታ በቤቷ ተቀመጠች። ማን ነው አላሳላትም የሚል? ዳኛዋ ራሷ ወደ ኋላ ትሸሻለች።»

ከድጃ ወደ ይስማው አየች። ከመዝገብ ቤቱ ከወጡ ጀምሮ ስታየው ይህ የመጀመሪያው ነበር። ከዚያ ወደ ተፈራ ተመለሰች።

«ታማ ነበር ብለህ ጻፈው» አለች።

መኪናው መታ። ይስማው ድምጹን ሰማ። ከድጃ ለራሷ ብላ እንዳልዋሸች ገብቶታል። ዋንዛ በር ሲመለሱ፣ ቦዩ ዳር ሲቆም፣ አሥራ አራት ገበሬ ዓይኑን እያየ «አያ ይስማው የከድጃን ቀን በሉት» እንዳይል ነው። ይህን ሲያስብ እፎይታ ተሰማው። እፎይታው ደግሞ አሳፈረው። ተፈራ ሁለት መስመር ጨርሶ ሦስተኛውን ጀመረ።

«አቁም» አለ ይስማው።

«ምነው?»

«ያልታመመች ሴት አታሳምማት። ነገ ብትታመም ማን ያምናታል?»

«አያ ይስማው፣ ይተዉት» አለች ከድጃ። «እኔ ነኝ የምምለው። ከአላህ ጋር እነጋገራለሁ።»

«የቆጠርኩት እኔ ነኝ። እኔን ጻፈኝ።»

ተፈራ በደኅናው ዓይኑ ትክ ብሎ አየው። «ሽማግሌ፣ ያው ነገርኩዎት። ቀን መሳት ምክንያት አይሆንም። ይህን ብጽፍ ማመልከቻዋን በገዛ እጄ መቅበሬ ነው። እውነት ሲሰሙት ያምራል፤ እዚህ በር ላይ ግን ብዙ አላበላም።»

«አልሳትኩም።»

«ታዲያ ምን አደረጉ?»

«እኛ እንደምንቆጥረው ቆጠርኩ። አንተ የምነግርህን ጻፍ።»

ተፈራ ወረቀቱን ከነካርቦኑ መዝዞ አወጣና አዲስ አስገባ። «መቅደላ አልቃሻ ሰው ነው የምትልክብኝ፤ ዛሬ ደግሞ ግትር ላከችብኝ» እያለ ይስማው የነገረውን ሳያሳጥር መታ። ሲጨርስ አራት ሰዓት ከሃምሳ ነበር። የጽሕፈት ዋጋውን ሲጠይቁት እጁን አወዛወዘ፤ «ከተፈቀደላችሁ ትመለሳላችሁ፤ ካልተፈቀደላችሁ ደግሞ ምን አድርጌላችሁ ነው?» አለ።

*

ተረኛው ችሎት ትልቁ አዳራሽ ውስጥ አልነበረም። በዳኛዋ ቢሮ ነበር፤ መስኮቶቹ ስለ በሽታው ሲባል ወለል ብለው ተከፍተዋል፤ ሦስት የፕላስቲክ ወንበሮች ተራርቀው ተቀምጠዋል። አንድ የችሎት ጸሐፊ በጥግ ጠረጴዛ ላይ በእጁ ይጽፋል። መቅደላ መዝገቡን ራሷ ይዛ ገባች፤ ከመዝጊያው አጠገብ ቆመች።

ይስማው ጌታዬ ለማለት ተዘጋጅቶ ነበር። ዳኛዋ ሴት መሆኗን መቅደላ ብትነግረውም ረስቶት ነበር። ጎንበስ ብሎ ቀና ሲል «እመቤቴ» አለ። ዳኛዋ እንዲቀመጥ በእጇ አመለከተችው። አልተቀመጠም።

ከድጃ በቁርኣን፣ ይስማው በመጽሐፍ ቅዱስ ማሉ። ዳኛዋ ቃለ መሐላውን በዝምታ አነበበች፤ ገጹን ገልብጣ እንደገና አነበበች። ሰዓቷን አላየችም።

«ወይዘሮ ከድጃ፣ ውሳኔው በደረሰዎት ጊዜ ሠላሳ ቀን እንዳለዎት ያውቁ ነበር?»

«አውቅ ነበር። የጎረቤት ተማሪ ልጅ አነበበልኝ።»

«ታዲያ ለምን ዘገዩ?»

ከድጃ አፏን ከፈተች። ይስማው ቀደማት።

«እኔ ነኝ ያዘገየኋት፣ እመቤቴ። ወረቀቱን ይዛ መጣች። ሠላሳ ቀን ስንት ነው አለችኝ። ሁለት ዙር ነው አልኳት። ውሃው ሁለቴ ዞሮ አንቺ ጋ ሲመለስ ቀንሽ ነው አልኳት።»

«ዙር ማለት?»

«በቦዬ ላይ አሥራ አምስት ማሳ አለ። ለአንዱ አንድ ቀን። አሥራ አምስት ቀን አንድ ዙር ነው። ሁለት ዙር አንድ ወር ነው። የዚህች ሴት ቀን በወሩ አሥራ አንደኛውና ሃያ ስድስተኛው ነው። ነሐሴ አሥራ አንድ ተነስቼ ሁለት ዙር ስሄድ መስከረም አሥራ አንድ እገባለሁ።»

«በክረምትም?»

«በክረምትም። ዝናብ ሲጥል ውሃውን የሚፈልገው የለም፤ ቀኑ ግን ይቆጠራል። ካልተቆጠረ በመስከረም ማን ይጀምር እንደሆነ አይታወቅም። ይገዳደላሉ።»

«ጳጉሜስ?»

ይስማው ከዘራውን አጠበቀ። «ጳጉሜ ተራ የለውም። አፉ ይዘጋል። አምስቱን ቀን ሁላችንም ወርደን ደለሉን እናወጣለን። የሚያንጠባጥበውን ውሃ የማንም ከብት ይጠጣዋል። የዚያን ጊዜ ውሃ የእገሌ ነው አይባልም፤ ቀኑም የእገሌ ቀን አይባልም። መስከረም አንድ፣ አንድ ብዬ እጀምራለሁ። አባቴም እንዲህ ነው የቆጠረ። ከእሱ በፊት የነበሩት ሼህ ዓሪፍም እንዲህ ነው የቆጠሩ።»

የችሎት ጸሐፊው እጁ ወደ ኋላ ቀርቶ ነበር፤ ዳኛዋ እስኪደርስ ጠበቀችው።

«ወይዘሮ ከድጃ በዚህ ተራ ውስጥ ከመቼ ጀምሮ ናቸው?»

«ባሏ አማን ካገባት ጀምሮ። እኔ ሳልሾም ነው። አማን ከሞተ ስምንት ዓመቱ ነው፤ አንድም ቀን ተራዋ አላለፈም።»

ዳኛዋ ከመዝገቡ ሥር የጉባኤውን ውሳኔ ሳበች። ሁለተኛው ገጽ ላይ በአንድ መስመር ላይ ጣቷን አሳረፈች። ይስማው ከተገለበጠበት በኩል ሊያነበው አልቻለም፤ ምን እንደሚል ግን ያውቅ ነበር። በዝናብ የሚለማ።

ጣቷን ከመስመሩ ሳታነሳ ቀና አለች።

«አቶ ይስማው» አለች፣ «ዛሬ እዚህ የሚሰማው ስለ መዘግየቱ ብቻ ነው። የመሬቱን ዓይነት በተመለከተ ዛሬ አልሰማም፤ አልችልም።»

«እኔም ስለ መሬት አልተናገርኩም፣ እመቤቴ። የተናገርኩት ስለ ቀን ነው።»

ዳኛዋ እስክሪብቶዋን አስቀመጠች። ወደ ጸሐፊው ዞራ፣ የሰማችውን ከመጀመሪያው ጀምራ ቃል በቃል አስጻፈች። አሥራ አምስት ማሳ አለች። ለእያንዳንዱ አንድ የውሃ ቀን አለች። የአመልካች ቀን በየወሩ አሥራ አንደኛውና ሃያ ስድስተኛው ነው አለች። ይስማው የራሱን ቃላት በሌላ ሰው አፍ፣ በቀስታ፣ ሲወጡ ሰማ። እስከ ዛሬ ይህ ቆጠራ በወረቀት ላይ ተጽፎ አያውቅም ነበር።

«እመቤቴ፣ አንድ ነገር» አለ ጽሕፈቱ ሲቆም። «ሰኞ ማሽን ይገባል። ቦዩ ሳይደፈን ዓይቶ የሚመለስ አንድ ሰው ይላክልን።»

«ርክክቡ ተፈጽሟል። ሥራውን ላግድ አልችልም። ቦታው ይታይ ብሎ የሚያዘው ይግባኙን የሚሰማው ችሎት ነው፤ እሱም የሚቀመጠው ከዕረፍት በኋላ ነው።»

«ያን ጊዜ ምን ያያል?»

ዳኛዋ ወደ ጸሐፊው ዞረች። ብይኑን ማስጻፍ ጀመረች። ሕግን አለማወቅ ጊዜ ላሳለፈ ሰው በቂ ምክንያት አይሆንም ብላ ስትጀምር ከድጃ ዓይኗን ጨፈነች፤ ከንፈሯ ይንቀሳቀስ ነበር። ዳኛዋ ቀጠለች። አመልካች የጊዜ ገደቡ እንዳለ አውቀው ቀኑን ያስቆጠሩት በአካባቢው ሰው ተመርጦ ቀን በሚቆጥር ሰው ዘንድ መሆኑ፣ የመዘግየቱ መነሻም ቸልተኝነት ሳይሆን ጳጉሜን በተራ ውስጥ የማያስገባ የቆየ ልማድ መሆኑ በመሐላ ተረጋግጧል። ያለፈው ጊዜ ሁለት ቀን ነው። ይግባኙ እንዲቀርብ ተፈቅዷል።

አምስት ሰዓት ከሃያ ሰባት ነበር። ከአቅራቢያው መስጊድ አዛን ተሰማ። ዳኛዋ ተነሳች፤ ሁሉም ተነሱ።

በኮሪደሩ ከድጃ ግድግዳውን ተደግፋ ቆመች። ይስማው ከእርሷ ሁለት እርምጃ ራቅ ብሎ ቆመ።

«ተቆጥተሽኛል» አለ።

«ተቆጥቼ ነበር።»

«አሁንስ?»

«አሁን ርቦኛል» አለች ከድጃ። ከዚያም ድምጿን ዝቅ አድርጋ፣ «የሰኞ ቀኔን ለማን ይሰጡታል?» አለችው።

«ለማንም።»

«ማሽን ይገባል እኮ፣ አያ ይስማው።»

«ይግባ። ቀኑ ያንቺ ነው፤ ውሃውን ለወንዙ እለቀዋለሁ።»

መቅደላ ከላስቲኩ ኋላ ተመልሳ ተቀምጣ ነበር። የምሳ ሰዓቷ ቢደርስም አዲስ መዝገብ ከፈተች፤ የርክክብ ሰነዱን ከታች፣ ብይኑን ከላይ አድርጋ በክር አሰረቻቸው። ማኅተሙን እስትንፋሷን ነፍታበት አሳረፈች። የመኸር ቀጠሮዎች የተጻፉበትን ትልቅ ደብተር ገልጣ ባዶ መስመር ፈለገች፤ ያገኘችውንም ቀን ነገረቻቸው።

«ከዚያ ቀረብ ያለ የለም ወይ፣ ልጄ?» አለች ከድጃ።

«ከዕረፍት ሲመለሱ የቆዩት መዝገቦች ይቀድማሉ፣ እትዬ። ያገኘሁት የመጀመሪያው ክፍት ቀን ይኸ ነው።»

«ስንት ቀን ይሆናል?» አለ ይስማው። «አንቺ ቁጠሪልን።»

መቅደላ የቀን መቁጠሪያውን አዙራ እንዲያየው በላስቲኩ ላይ አስጠጋችለትና ጮክ ብላ ቆጠረች። አርባ ሰባት ቀን ሆነ። በትንሽ ወረቀት ላይ የመዝገብ ቁጥሩንና ቀኑን ጽፋ በክፍተቱ አሳለፈችላቸው።

ቀጠሮው ለረቡዕ፣ ጥቅምት 25 ቀን 2013 ዓ.ም.፣ ከጠዋቱ ሦስት ሰዓት ነበር።